የነጋዴዎች የተሽከርካሪ ጨረታ፦ ዋጋውን የሚወስነው መኪናው ወይስ ወረቀቱ?

በአሜሪካ ወይም በጃፓን ያገለገለ መኪና የሚገዛ ሰው ከመሸጫው ግቢ ገብቶ ዋጋ ሲደራደር፣ ያው መኪና ከጥቂት ቀናት ወይም ሳምንታት በፊት እርሱ ሊገባበት በማይችል ሌላ ገበያ ተሽጦ ሊሆን እንደሚችል ብዙም አያስተውልም። ያ ገበያ የነጋዴዎች የተሽከርካሪ ጨረታ ይባላል። ተሽከርካሪዎቹን ለሽያጭ የሚያቀርቡት ብድር ያልተከፈለባቸውን መኪኖች የተረከቡ ባንኮች፣ መኪኖቻቸውን በየጊዜው የሚቀይሩ የኪራይ ድርጅቶች፣ የአምራች ኩባንያዎች የፋይናንስ ተቋማት እንዲሁም ከደንበኛ በልውውጥ የተቀበሉትን መኪና በራሳቸው ግቢ ለመሸጥ ያልፈለጉ ነጋዴዎች ናቸው። ገዥዎቹ ደግሞ ፈቃድ ያላቸው የመኪና ነጋዴዎች ብቻ ናቸው።

ጉዳዩ ከእኛ የራቀ ቢመስልም በሁለት በኩል ይነካናል። አንደኛ፣ በከተሞቻችን ጎዳናዎች ከሚታዩት ያገለገሉ የጃፓን ሥሪት መኪኖች መካከል ብዙዎቹ በሕይወታቸው አንድ ጊዜ እንዲህ ባለ ጨረታ ሳያልፉ አልቀሩም። ሁለተኛውና ለመንግሥት ሠራተኛው ይበልጥ የሚቀርበው፣ የእኛም መሥሪያ ቤቶች አገልግሎታቸውን የጨረሱ ተሽከርካሪዎችን የሚያስወግዱት በጨረታ መሆኑ ነው። በእነዚያ አገሮች ለአሥርተ ዓመታት የተፈተነው አሠራር የሚያሳየው አንድ ነገር ቢኖር፣ በጨረታ ላይ የሚቀርበው ዋጋ ከመኪናው ይልቅ ስለ መኪናው ይፋ የሆነውን መረጃ የሚከተል መሆኑን ነው።

በዘርፉ ስሙ ቀድሞ የሚጠራው የአሜሪካው ማንሃይም ነው። ስሙን ያገኘው እ.ኤ.አ በ1945 ሥራ ከጀመረባት በፔንሲልቫንያ ግዛት ከምትገኘው ትንሽ ከተማ ሲሆን፣ ከ1968 ጀምሮ የኮክስ ኢንተርፕራይዝስ ንብረት ነው። ተፎካካሪው የነበረው የአዴሳ የአሜሪካ የጨረታ ሥፍራዎች ደግሞ እ.ኤ.አ በ2022 በ2 ነጥብ 2 ቢሊዮን ዶላር ካርቫና ለተባለው የኢንተርኔት መኪና ሻጭ ተላልፈዋል። አንድ ቸርቻሪ ለጨረታ ሥፍራዎች ይህን ያህል ገንዘብ ማፍሰሱ፣ ሥፍራዎቹ በንግዱ ውስጥ ያላቸውን ቦታ ያመለክታል።

የጨረታው ቀን አካሄድ እንደሚከተለው ነው። መኪኖቹ ቁጥር ተለጥፎባቸው በሰፊ አዳራሽ ውስጥ ጎን ለጎን በተዘጋጁ መስመሮች ተራ በተራ እየተነዱ ያልፋሉ። በየመስመሩ ከፍ ባለ ቦታ የተቀመጠ አጫራች ዋጋውን ያለ ፋታ ይጠራል፤ አንዱ መኪና ተሽጦ ሌላው እስኪተካ ድረስ አብዛኛውን ጊዜ ከአንድ ደቂቃ እምብዛም አይበልጥም። ገዥው ኮፈኑን ከፍቶ ሞተሩን የሚያዳምጥበት፣ ከሥር ጎንበስ ብሎ ዘይት ማፍሰስ አለማፍሰሱን የሚያይበት ጊዜ የለውም። ይህ ሁሉ ቀደም ብሎ ካልተሠራ አይሠራም።

ታዲያ ነጋዴው በዚያች አጭር ጊዜ በሺዎች የሚቆጠር ዶላር ለማውጣት የሚያስደፍረው ምንድን ነው? መልሱ ከአጫራቹ አጠገብ ባሉ መብራቶች ላይ ይገኛል። አረንጓዴው መብራት ሻጩ ለመኪናው ዋና ዋና ክፍሎች ዋስትና መስጠቱን የሚያመለክት ሲሆን፣ ገዥው ከተረከበ በኋላ በተወሰነ ጊዜ ውስጥ ያልተነገረ ከባድ ጉድለት ካገኘ አቤቱታውን ለጨረታው የሽምግልና ክፍል ያቀርባል። ቢጫው ሻጩ የገለጸው ጉድለት መኖሩን፣ ዋስትናውም ያንን ጉድለት እንደማይጨምር ያሳውቃል። ቀዩ መኪናው የሚሸጠው «ባለበት ሁኔታ» መሆኑን ይናገራል። ሰማያዊው ደግሞ የባለቤትነት ማስረጃው በዕለቱ አለመቅረቡን፣ በእኛ አነጋገር ሊብሬው ገና መሆኑን ያሳያል። በቀይ መብራት የተሸጠ መኪና እንኳ ከሁሉም ኃላፊነት ነጻ አይደለም፤ የባለቤትነት ማስረጃንና የኪሎ ሜትር ንባብን የመሳሰሉ ጉዳዮች እንደየጨረታው ደንብ ለአቤቱታ ክፍት ሆነው ይቆያሉ።

መብራቶቹ በዋጋ ላይ የሚያመጡትን ለውጥ ለመረዳት የነጋዴውን ስሌት ማየት ይበጃል። ነጋዴው የሚነሳው ከመጨረሻው ነው። ለምሳሌ ያህል አንድን መኪና ለተጠቃሚ በ15 ሺህ ዶላር እሸጠዋለሁ ብሎ ያሰበ ሰው፣ ለጥገና 1 ሺህ 200፣ ለጨረታው አገልግሎት ክፍያ 500፣ ለማጓጓዣ 400፣ ለትርፉና በግቢው ለሚቆይበት ጊዜ ወጪ 2 ሺህ ዶላር ቢይዝ ከ10 ሺህ 900 ዶላር በላይ አይጠራም። የጥገናውን መጠን ሊያውቅ የቻለው ሻጩ የመኪናውን ሁኔታ ስለገለጸለት ነው። ያው መኪና ምንም ሳይባልለት በቀይ መብራት ቢቀርብ ነጋዴው የከፋውን ገምቶ ለጥገና 3 ሺህ ዶላር ይይዛል፤ ጣሪያውም ወደ 9 ሺህ 100 ይወርዳል። መኪናው አልተለወጠም። የ1 ሺህ 800 ዶላሩ ልዩነት ባለማወቅ የተከፈለ ሲሆን፣ የከፈለውም ገዥው ሳይሆን ሻጩ ነው።

ይህን ሐሳብ በንድፈ ሐሳብ ደረጃ ያስቀመጠው አሜሪካዊው የኢኮኖሚ ሊቅ ጆርጅ አከርሎፍ ነው። እ.ኤ.አ በ1970 ባሳተመው ጥናት ምሳሌ አድርጎ የወሰደው ያገለገሉ መኪኖችን ገበያ ነበር። ገዥው ደህናውን ከብልሹው መለየት ካልቻለ ለሁሉም የሚሰጠው መካከለኛ ዋጋ ይሆናል፤ ደህና መኪና ያለው ሰው በዚያ ዋጋ መሸጥ ስለማያዋጣው ከገበያው ይወጣል፤ የቀረው ብልሹው ሲሆን ዋጋው ደግሞ እንደገና ይወርዳል። አከርሎፍ ለዚህና ተያያዥ ሥራዎቹ በ2001 ከማይክል ስፔንስና ከጆሴፍ ስቲግሊትዝ ጋር የኖቤል ሽልማት ተጋርቷል። የነጋዴዎቹ ጨረታ በመብራትና በሽምግልና የሚያደርገው ይህንኑ ችግር ለመቋቋም ነው።

ይሁንና ሥርዓቱ በነጋዴዎች በጎ ፈቃድ ብቻ የቆመ አይደለም። የኪሎ ሜትር መቁጠሪያን ወደ ኋላ መመለስ በአሜሪካ የፌዴራል ሕግ የተከለከለው እ.ኤ.አ በ1972 ሲሆን፣ በ1986 የወጣው ተጨማሪ ሕግ ንባቡ በባለቤትነት ማስረጃው ላይ እንዲሰፍር አስገድዷል። ከ2021 መግቢያ ጀምሮ ደግሞ የ2011 ሞዴልና ከዚያ ወዲህ የተሠሩ ተሽከርካሪዎች ለ20 ዓመታት ንባባቸው እንዲገለጽ ተደንግጓል፤ ቀድሞ ግዴታው በ10 ዓመት ያበቃ ነበር። ሕጉ እያለም ማጭበርበሩ አልጠፋም። የአገሪቱ የአውራ ጎዳና ትራፊክ ደኅንነት አስተዳደር በ2002 ባወጣው ግምት መሠረት በየዓመቱ ከ450 ሺህ በላይ ተሽከርካሪዎች በተጭበረበረ ንባብ ይሸጡ የነበረ ሲሆን፣ በገዥዎች ላይ የሚደርሰው ጉዳትም ከአንድ ቢሊዮን ዶላር ይበልጥ ነበር። በሌላ በኩል እ.ኤ.አ ከ1985 ጀምሮ የፌዴራል ንግድ ኮሚሽን ደንብ ነጋዴው ለተጠቃሚ በሚሸጠው ያገለገለ መኪና መስኮት ላይ የዋስትናውን ሁኔታ የሚገልጽ ማሳወቂያ እንዲለጥፍ ያስገድዳል። ደንቡ ግን ነጋዴና ነጋዴ በሚገበያዩበት ጨረታ ላይ አይሠራም። ሕግ አውጪው ነጋዴን ራሱን ይጠብቅ ብሎ ትቶታል ማለት ነው። ጨረታው ለሕዝብ ዝግ የሆነበት አንዱ ምክንያትም ይኸው ነው።

ፈቃድ ሳይኖረው በነጋዴ ወዳጅ ስም ከዚህ ጨረታ መኪና የሚያወጣ ሰው ሊያስተውለው የሚገባ ነጥብ እዚህ ላይ አለ። ዋጋው ከመሸጫ ግቢው ዋጋ ዝቅ ማለቱ እውነት ነው። ነገር ግን የአገልግሎት ክፍያው ተጨምሮበት፣ መኪናው ተጓጉዞና ተጠግኖ ሲያበቃ ልዩነቱ ይጠባል፤ የአቤቱታው መብትም በጨረታው መዝገብ ላይ ስሙ የሰፈረው የነጋዴው እንጂ የእርሱ አይደለም።

የጃፓኑ ጨረታ ዓላማው ተመሳሳይ ሆኖ በወረቀት ላይ ያለው እምነት ከአሜሪካው የበረታ ነው። ዩኤስኤስ የተባለው ታላቁ የጨረታ ኩባንያ የተመሠረተው እ.ኤ.አ በ1980 ነው። እዚያም ለመሳተፍ ያገለገሉ ዕቃዎችን ለመነገድ የሚሰጠውን ፈቃድ መያዝና የጨረታው አባል መሆን ያስፈልጋል። እያንዳንዱ መኪና ወደ ጨረታው ከመቅረቡ በፊት በጨረታው መርማሪ ታይቶ የምርመራ ወረቀት ይዘጋጅለታል። ወረቀቱ ለመኪናው አጠቃላይ ደረጃ ይሰጣል፤ ለአዲስ የቀረበው ኤስ ወይም 6፣ ደህና የሚባለው 4 ወይም 4 ነጥብ 5፣ የተጎሳቆለው 3 እና ከዚያ በታች ያገኛል። ተጋጭቶ የአካሉ ዋና ክፍል የተጠገነ ከሆነ በቁጥር ፈንታ አር የሚለው ፊደል ይጻፍበታል። የውስጡ ሁኔታ ለብቻው በፊደል ይመዘናል። ከወረቀቱ ግርጌ ያለው የመኪናው ንድፍ ላይ ደግሞ ጭረቱ፣ ጎድጓዳው፣ ተቀጥቅጦ የተቀባው ላሜራ ሁሉ በየቦታው በምልክት ይመለከታል። ነጋዴው ዋጋ የሚሰጠው ከወንበሩ ሳይነሳ ቁልፍ በመጫን ነው፤ ጨረታውም በሰከንዶች ይቆጠራል።

በዚያ አገር አዲስ የቤት መኪና በመጀመሪያ ከሦስት ዓመት በኋላ፣ ከዚያም በየሁለት ዓመቱ ጥብቅና ወጪ የሚያስከትል የቴክኒክ ምርመራ ማለፍ አለበት። ብዙ ባለቤቶች የምርመራው ጊዜ ሲቃረብ መኪናቸውን መሸጥ የሚመርጡት ለዚህ ነው። ከጨረታው የወጡት በርካታ መኪኖች ወደ ውጭ ይላካሉ፤ በቅርብ ዓመታት ከጃፓን የሚወጡት ያገለገሉ ተሽከርካሪዎች በዓመት ከአንድ ሚሊዮን በልጠዋል።

እዚህ ላይ ነው የእኛ ገዥ ችግር የሚጀምረው። መኪናው ከጃፓን ወጥቶ በዱባይ ወይም በሌላ የሽግግር ገበያ ሲያልፍ የምርመራ ወረቀቱ አብሮት የመጓዝ ግዴታ የለበትም። ኢትዮጵያ ከ1956 ዓ.ም ጀምሮ በመንገድ ቀኝ የሚነዳባት አገር ስለሆነች ለጃፓን መንገድ የተሠራ መኪና መሪው ወደ ግራ መዞር ይኖርበታል፤ ይህም በመኪናው ላይ አንድ ተጨማሪ እጅ ያሳርፍበታል። ሦስት ነጥብ 5 ተብሎ የተሸጠ መኪና ታጥቦና ተወልውሎ፣ ቀለሙ ታድሶ አዲስ አበባ ሲደርስ ደረጃው ከማንም አፍ አይሰማም። ቁጠባውን አሟጦ መኪና የሚገዛው የመንግሥት ሠራተኛ ያለው ማስረጃ የደላላው ቃልና የሚያውቀው መካኒክ ዓይን ነው። በ2012 ዓ.ም የወጣው የኤክሳይስ ታክስ አዋጅ ያረጁ ተሽከርካሪዎች ላይ ከባድ ታክስ በመጣሉ፣ በ2016 ዓ.ም ደግሞ መንግሥት በነዳጅ የሚሠሩ የቤት መኪኖች ወደ አገር እንዳይገቡ በማገዱ፣ አስቀድመው የገቡት መኪኖች ዋጋ ከፍ ብሎ እጅ መለዋወጣቸው ቀጥሏል። ታሪካቸው ግን ከገቡበት ዕለት ወዲያ አይሄድም።

ከነጋዴዎቹ ጨረታ ጋር መምታታት የሌለበት ሌላ ዓይነት ጨረታም አለ። የመድን ድርጅቶች በግጭት ወይም በጎርፍ ምክንያት ሙሉ ካሣ የከፈሉባቸውን መኪኖች የሚሸጡበት ነው። እ.ኤ.አ በ1982 በካሊፎርኒያ የተቋቋመው ኮፓርት በዚህ መስክ የታወቀ ሲሆን፣ ከእንዲህ ያሉ ጨረታዎች የሚወጡ መኪኖች ወደ ባሕረ ሰላጤው አገሮችም ይሻገራሉ። በአሜሪካ ውስጥ የእነዚህ መኪኖች የባለቤትነት ማስረጃ ጉዳቱን የሚያመለክት ምልክት ይደረግበታል፤ በየግዛቱ ያለውን መረጃ የሚያገናኝ ብሔራዊ የመረጃ ቋትም አለ። ድንበር ከተሻገሩ በኋላ ግን ምልክቱን ጠይቆ የሚያገኘው የሻንሲ ቁጥሩን ይዞ የሚፈልግ ብቻ ነው። ቁጥሩን ፈልጎ ማየት ጥቂት ደቂቃ የሚወስድ ሥራ ሆኖ ሳለ ብዙ ገዥዎች የማያደርጉት መሆኑ ያስገርማል።

የኮሮና ወረርሽኝ የወረቀቱን ክብደት ይበልጥ አጉልቶታል። እ.ኤ.አ በ2020 ጸደይ በአሜሪካ መኪኖችን በአዳራሽ ማሳለፉ ሲቋረጥ ጨረታው በኮምፒዩተር መስኮት ቀጠለ። መንገዱ አስቀድሞ የተጠረገ ነበር፤ ማንሃይም የአዳራሹን ጨረታ በኢንተርኔት ማስተላለፍ የጀመረው በ2002 ነው። በቀጣዩ ዓመት የኮምፒዩተር ቺፕ እጥረት አዳዲስ መኪኖችን ሲያሳጣ፣ በሰኔ 2021 የአሜሪካ ያገለገሉ መኪኖች የሸማቾች ዋጋ ከዓመት በፊት ከነበረው 45 ነጥብ 2 በመቶ ጨምሮ ተገኘ። ነጋዴዎች መኪናውን ሳያዩ በዚያን ያህል ዋጋ ይገዙ የነበሩት ምስሉንና የሁኔታ መግለጫውን አምነው ነው።

ወደ መንግሥት ንብረት ስንመለስ፣ የአሜሪካ ፌዴራል መንግሥት የመሥሪያ ቤቶቹን ተሽከርካሪዎች የሚያስተዳድረው በጠቅላላ አገልግሎቶች አስተዳደር በኩል ሲሆን፣ መቀየሪያቸው የደረሰውን ለማንኛውም ዜጋ ክፍት በሆነ ጨረታ ይሸጣል። ለዚህም የግል ጨረታ ቤቶችን ሥፍራ ይጠቀማል። መኪኖቹ ሳይሞቱ በጊዜያቸው የሚወጡና በመርሐ ግብር የተጠገኑ በመሆናቸው ገዥ አያጡም።

በአገራችንም የፌዴራል መሥሪያ ቤቶችን ንብረት ሽያጭ በማዕከል የሚያከናውን የመንግሥት ግዥና ንብረት ማስወገድ አገልግሎት በ2002 ዓ.ም መቋቋሙ ሽያጩ ወጥ ሥርዓት እንዲይዝ ያደረገ እርምጃ ነበር። የማስታወቂያው ይዘት ለአንባቢያችን እንግዳ አይደለም። በሠንጠረዡ የተሽከርካሪው ዓይነት፣ የሰሌዳ ቁጥር፣ የሻንሲና የሞተር ቁጥር፣ የሥሪት ዘመንና የመነሻ ዋጋ ይዘረዘራሉ። ተጫራቾች ንብረቱን በሥራ ሰዓት በአካል ተገኝተው ማየት እንደሚችሉ፣ ዋጋቸውን በታሸገ ኤንቨሎፕ ከሲፒኦ ጋር እንዲያስገቡ፣ ንብረቱ የሚሸጠው ባለበት ሁኔታ መሆኑ፣ መሥሪያ ቤቱም ጨረታውን በሙሉ ወይም በከፊል የመሰረዝ መብቱ የተጠበቀ መሆኑ ይገለጻል። ሁሉም ሕጋዊና ተገቢ ነው። የሚጎድለው የተሽከርካሪው ሁኔታ ነው። ሞተሩ ይነሳል ወይስ አይነሳም? ካምቢዮው ወርዶ ያውቃል? የመጨረሻው ጥገና መቼ ተደረገ? ተጋጭቶ ነበር? ይህ ሁሉ በመሥሪያ ቤቱ የስምሪት ክፍልና በጋራዡ መዝገብ ላይ ያለ መረጃ ነው።

የዝምታው ውጤት በነጋዴው ስሌት ላይ ካየነው አይለይም። በአካል ቀርቦ ያየው ተጫራች እንኳ ቁልፉን አዙሮ መንዳት ካልተፈቀደለት ያየው ቀለሙንና ጎማውን ነው፤ ኤንቨሎፑ ውስጥ የሚያስገባውም የከፋውን ገምቶ ነው። አለመጠን ተስፋ አድርጎ ከፍተኛ ዋጋ የሰጠው ደግሞ ካሸነፈ በኋላ መካኒክ ይዞ ሲመጣ ሐሳቡን ይለውጣል። ሲፒኦው ይወረሳል፣ ጨረታው ይደገማል፣ መኪናው ሌላ ክረምት በግቢው ያሳልፋል። ባትሪው ሞቶ፣ ጎማው ተጨራምቶ፣ ሣር ከቦት የቆመ ፒክአፕ ያላየ የመንግሥት ሠራተኛ ካለ ጥቂት ነው።

ከዋጋው ይልቅ ሊያሳስብ የሚገባው ግን ሌላ ነው። በማስታወቂያው ላይ ያልተጻፈ መረጃ ከሁሉም እኩል የተሰወረ አይደለም። መኪናውን ለዓመታት የነዳው ሹፌር ያውቀዋል፤ የጋራዡ ኃላፊ ያውቀዋል፤ መለዋወጫ ያቀረበው ነጋዴም ያውቀዋል። ከእነርሱ አንዱን በቅርብ የሚያውቅ ተጫራች ጨረታው ሲከፈት ከሌሎቹ በብዙ ይቀድማል። ኮሚቴው ምንም ሕግ ሳይጥስ፣ ኤንቨሎፑ በሁሉም ፊት ተከፍቶ፣ ቃለ ጉባኤው ተፈርሞ እያለ ጨረታው በተግባር እኩል ዕድል የማይሰጥ ይሆናል። ሐሜቱ የሚጀምረውም ከዚህ ነው፤ ሐሜቱን ለማስተባበል ደግሞ ኮሚቴው የሚያቀርበው ማስረጃ የለውም።

ሁኔታውን መግለጽ መሥሪያ ቤቱን ለክስ ይዳርጋል የሚል ሥጋት አለ። ሥጋቱ መሠረት የለውም ባይባልም የቢጫው መብራት አሠራር መልስ ይሰጠዋል። ሻጩ የሚያውቀውን ይናገራል፤ ከተናገረው ውጭ ዋስትና አይሰጥም። የጥገና መዝገቡን ቅጂ ለሁሉም ተጫራቾች ክፍት ማድረግ፣ ሞተሩን በመጎብኛው ቀን አስነስቶ ማሳየት፣ የማይሠራውን የማይሠራ ብሎ መጻፍ «ባለበት ሁኔታ» የሚለውን ቃል አያፈርሰውም። እንዲያውም ያለበት ሁኔታ ምን እንደሆነ በጽሑፍ ያስቀመጠ ሻጭ በፍርድ ቤት የተሻለ ይከላከላል። ተጨማሪ ባለሙያ መቅጠርም አያስፈልግም፤ ከስምሪት ክፍሉ አንድ ገጽ መጠየቅ ይበቃል።

ጉዳዩ ወደፊት የሚከብድበት ምክንያትም አለ። መሥሪያ ቤቶች ወደ ኤሌክትሪክ ተሽከርካሪዎች በተሸጋገሩ መጠን፣ ከጥቂት ዓመታት በኋላ ወደ ማስወገጃ ጨረታ የሚመጡት እነዚሁ ይሆናሉ። በኤሌክትሪክ መኪና ላይ የሥሪት ዘመኑና የተጓዘው ኪሎ ሜትር ዋጋውን ለመገመት አይበቁም፤ ውዱ ክፍል ባትሪው ነው፤ ባትሪው ደግሞ እንደ አሞላሉና እንደ አያያዙ በእኩል ዘመን ውስጥ እኩል አይደክምም። በድምፅ አይታወቅም፣ ጎንበስ ብሎ ማየትም አይረዳም። በአሜሪካ ጨረታዎች የባትሪው የጤንነት ልክ በመሣሪያ እየተለካ ከኪሎ ሜትሩ ንባብ ጎን መቅረብ ጀምሯል። በእኛ ማስታወቂያ ሠንጠረዥ ላይ ለዚህ ቁጥር ዓምድ ማበጀት ካስፈለገ ጊዜው የመጀመሪያዎቹ መኪኖች ሳይቆሙ፣ ገና በሥራ ላይ እያሉና የአሞላላቸው መዝገብ ሲያዝ ነው።